የልጄ ቆዳ ቀለብ

«ይህች ቱቦ ስንት ጊዜ ቆየችላችሁ?» ሲሉ የቆዳ ሐኪሟ ጠየቁኝ። ልጄ ያን ጊዜ ሁለት ዓመት ከመንፈቋ ነበር፤ ጭኔ ላይ ተቀምጣ የክንዷን መታጠፊያ በሹራቤ ላይ ታሻለች። ከቤት ይዤ የመጣሁትን ባለ 50 ግራም ክሬም እያሳየሁ፣ «ሁለት ወር ሊሞላት ነው፤ ቆጥበን ነው የምንቀባት» ብዬ በኩራት መለስኩ። ሐኪሟ አልተቆጡም፤ ወረቀት ሳቡና ሒሳቡን እፊቴ ሠሩልኝ። 50 ግራም ለሁለት ወር ሲካፈል በሳምንት 6 ግራም እንኳ አይሞላም። መላ ሰውነቷ ለሚደርቅና ችፌ ለሚመላለስባት ሕፃን በሳምንት የሚያስፈልገው ግን ከ250 እስከ 500 ግራም ነው፤ የብሪታንያ የሕክምና መመሪያ የሚያዝዘውም ይህንኑ መጠን ነው። በቁጠባዬ ስኮራ የኖርኩት ለልጄ ከሚገባት አርባኛውን እጅ እየሰጠኋት ኖሯል።

ሐኪሟ ያን ዕለት የተናገሩት አንድ ቃል እስከ ዛሬ ከጆሮዬ አልወጣም። «ቅባቱን እንደ ቀለብ ይዩት። ቀለብ በየወሩ ይሰፈራል፤ የታመመም ያልታመመም ይበላዋል» አሉኝ። እኔ ቅባቱን የማወጣው ቆዳዋ ሲቆስል ብቻ ነበር፤ ሲሻላት ቱቦውን ከድኜ መደርደሪያ ላይ አስቀምጣለሁ፤ ከአሥር ቀን በኋላ ደግሞ «ይኼ ነገር ለምን ይመለሳል?» እያልኩ አዝናለሁ። ዛሬ ልጄ ስምንት ዓመቷ ነው። በእነዚህ ዓመታት ያየሁትንና የተማርኩትን የምጽፈው፣ እንደኔ ሌሊት ሌሊት የልጃቸውን የማከክ ድምፅ እየሰሙ ለሚያድሩ ወላጆች ነው።

ችፌው የጀመራት በስድስተኛ ወሯ፣ ጉንጯ ላይ ነበር። ኅዳር ገብቶ የአዲስ አበባ ሌሊት ሲቀዘቅዝ፣ ቀኑም በፀሐይና በደረቅ ነፋስ ሲያልፍ፣ ጉንጯ እንደ ድርቆሽ ይሻክር ጀመር። መዳኽ ስትጀምር ወደ ክንዷና ወደ ጉልበቷ መታጠፊያ፣ ወደ አንጓዋና ወደ አንገቷ ወረደ። አንድ ጎረቤታችን «ጭርት ነው» አለን፤ ሌላዋ ደግሞ «እከክ እንዳይሆን» ብላ ልጆቿን ሰበሰበች። ጭርት የፈንገስ፣ እከክም በዓይን የማይታይ ነፍሳት የሚያመጣቸው ተላላፊ በሽታዎች ናቸው፤ ችፌ ግን በመነካካት ከሰው ወደ ሰው አይተላለፍም። ይህን ባለማወቃችን አንድ ወር ሙሉ የፈንገስ ቅባት ቀባናት፤ ልጄም በዚያ ወር ውስጥ ከእኩዮቿ ተለይታ ቆየች። ከሁሉም ይልቅ ዛሬም የሚቆጨኝ ያ መለየቷ ነው።

ነገሩን ያዘገየው ሌላም ምክንያት ነበር። በስልኬ ያነበብኩት ሁሉ ችፌን «ቀይ ሽፍታ» እያለ ይገልጸዋል፤ ሥዕሎቹም የነጮች ቆዳ ሥዕሎች ናቸው። በልጄ ጠይም ቆዳ ላይ ግን ቅላት ብዙም አይታይም። የተቆጣው ስፍራ ወደ ግራጫ፣ ወደ ጥቁር ቡናማ፣ አንዳንዴም ወደ ወይን ጠጅ ያደላል፤ ጥቃቅን እብጠቶች እንደ አሸዋ ይነሡበታል፤ ለረጅም ጊዜ ሲታከክ ደግሞ ይወፍራል። ከዳነም በኋላ የጠቆረ ወይም የነጣ ምልክት ትቶ ይሄዳል፤ ምልክቱም እስኪጠፋ ወራት ይፈጅበታል። ስለዚህ ከዓይኔ ይልቅ መዳፌን ማመን ተማርኩ። ማታ ማታ ክንዷን ከላይ እስከ ታች ስዳስስ፣ ነገ የሚነሣውን ችፌ ዛሬ እጄ ያውቀዋል፤ የሻከረው ስፍራ ከመታየቱ በፊት ይሰማኛል።

ሐኪሟ ስለ ቆዳ ሲያስረዱኝ የአያቶቼ የጭቃ ቤት ነበር በዓይነ ሕሊናዬ የመጣው። የቆዳችን የላይኛው ሽፋን በአብዛኛው ሰውነታችን ላይ ከአንዲት የፀጉር ዘለላ የሳሳ ነው። ውሃ ከሰውነታችን ተንኖ እንዳይወጣ፣ አቧራው፣ ሳሙናውና ተሕዋሲው እንዳይገባ የሚከላከለው ግን እሱ ነው። የሞቱት ሕዋሳት እንደ ግድግዳው እንጨት ተደርድረው ይቆማሉ፤ በመካከላቸው የሞላው ቅባት ደግሞ ምርጊቱ ነው። ይህ ምርጊት ሴራማይድ፣ ኮሌስትሮልና ፋቲ አሲድ ከሚባሉ ንጥረ ነገሮች የተቦካ ነው። ችፌ ባለበት ሰው ምርጊቱ ስስ ነው፤ ይሰነጠቃል። በስንጥቁ ውሃው ይወጣል፣ የሚያስቆጣው ነገርም ይገባል፤ ቆዳው ይቆጣል፣ ያሳክካል፤ ልጅቷ ስታክክ ደግሞ የቀረው ምርጊት ይረግፋል። የምንቀባት ማለስለሻ፣ ማለትም ቆዳን የሚያለሰልሰው ክሬም ወይም ቅባት፣ በዚህ ስንጥቅ ላይ በየቀኑ የምንመርገው ጭቃ ነው። ምርጊት ደግሞ አንድ ጊዜ ተመርጎ የሚተው እንዳልሆነ በጭቃ ቤት ያደገ ሁሉ ያውቃል።

ስንጥቁ ከየት መጣ የሚለው ጥያቄ ለረጅም ጊዜ አስጨንቆኛል፤ ምን አጥፍተን ይሆን እያልኩ። በ2006 (በዚህ ጽሑፍ የምጠቅሳቸው የጥናት ዓመታት ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) ፊላግሪን የተባለውን የቆዳ ፕሮቲን የሚያሠራው ዘረ መል ሲጎድል ሰው ለችፌ እንደሚጋለጥ ታወቀ። ይህ ጉድለት በአውሮፓውያን ዘንድ የተለመደ ነው። በኢትዮጵያውያን የችፌ ሕሙማን ላይ ተደርጎ በ2011 የታተመ ጥናት ግን፣ አንድ አዲስ የዘረ መል ለውጥ ከማግኘቱ በቀር፣ በአውሮፓ የተለመዱትን ጉድለቶች አላገኘም። የእኛ ልጆች ግድግዳ የሚሰነጠቀው በሌላ በኩል ሳይሆን አይቀርም ማለት ነው። ስለ እኛ ቆዳ ገና ብዙ መጠናት እንዳለበት ይህ አንድ ጥናት ብቻውን ይናገራል፤ በአገራችን የቆዳ ሕክምና የሚማሩ ወጣት ሐኪሞች ይህን ጥያቄ ቢይዙልን እወዳለሁ።

እናቴ ከጎጃም ልትጠይቀን በመጣች ጊዜ ለጋ ቅቤ ይዛ ነበር። «ልጄ፣ ይኼን የፈረንጅ ነገር ተወውና ቅቤ ቀባት፤ አንተን ያሳደግሁህ በዚሁ አይደለም?» አለችኝ። ሐሳቧ መሠረት አለው፤ ቅባት ቆዳ ላይ ሲደረብ ውሃውን ይዞ ያቆያል፤ እናቶቻችን ይህን ያወቁት ማንም ሳያስተምራቸው ነው። ነገር ግን ቅቤ ውስጥ የወተት ፕሮቲን አለ፤ በተሰነጠቀ ቆዳ የሚገባ የምግብ ፕሮቲን ደግሞ ሰውነትን ለአለርጂ ሊያዘጋጀው እንደሚችል ተመራማሪዎች ያስጠነቅቃሉ። በ2003 በብሪታንያ ልጆች ላይ የወጣ ጥናት፣ የለውዝ ዘይት ያለበት ቅባት በተቆጣ ቆዳቸው ላይ የተቀቡ ሕፃናት ለለውዝ አለርጂ ይበልጥ የተጋለጡ እንደነበሩ አሳይቷል። ብዙ ወዳጆቻችን የሚመክሩን የወይራ ዘይትም ቢሆን፣ በ2013 በታተመ በአዋቂዎች ላይ በተደረገ ጥናት የቆዳን መከላከያ የሚያዳክም ሆኖ ተገኝቷል፤ አብሮት የተፈተነው የሱፍ አበባ ዘይት ግን እንዲህ ያለ ጉዳት አላደረሰም። ይህን ሁሉ ለእናቴ በዝርዝር አላስረዳኋትም። «እማዬ፣ ቆዳዋ ተሰንጥቋል፤ የሚበላ ነገር በስንጥቁ እንዲገባ አልፈልግም» ብቻ አልኳት። ጥቂት አሰበችና ቅቤው ለራሷ ፀጉር እንዲሆን ተስማማን።

የጠናብኝ ስሕተት ግን ከቅቤ አልመጣም። ወደ ሐኪሟ ከመሄዳችን ከጥቂት ወራት በፊት አንድ መድኃኒት ቤት ያለ ማዘዣ ትንሽ ቱቦ ሸጠልኝ። በሦስት ቀን ውስጥ የልጄ ጉንጭ እንደ አዲስ ጠራ፤ እኔም ያንን ቱቦ ለዘመድ ሁሉ አወደስኩ። ባቆምኩ ቁጥር ግን ችፌው ብሶ ይመለስ ነበር፤ ጉንጯም እየሳሳና እየነጣ ሄደ። ቱቦው ውስጥ የነበረው ክሎቤታሶል የተባለ እጅግ ኃይለኛ ስቴሮይድ (የቆዳን ቁጣ የሚያበርድ መድኃኒት) ነበር፤ በአዋቂ መዳፍና ተረከዝ ላይ ሊታዘዝ የሚችል፣ ለሕፃን ፊት ግን ፈጽሞ የማይገባ። አንዳንድ ሰዎች ፊታቸውን ለማቅላት የሚቀቡትም ይህንኑ ዓይነት ቅባት ነው። ከዚያ በኋላ ስቴሮይድ የሚባል ነገር ሁሉ አስፈራኝ፤ ሐኪሟ ለልጄ ለዘብ ያለውን ሃይድሮኮርቲዞን ሲያዝዙላት እንኳ አንድ ሳምንት ደብቄው ከረምኩ፤ በዚያ ሳምንት ልጄ ሌሊቱን ሙሉ ስታክክ አደረች። ፍርሃቴም እንደ ድፍረቴ ጎዳት። አሁን የሁለቱን ድርሻ ለይቼ አውቃለሁ። ስቴሮይዱ የተቀጣጠለውን ያበርዳል፤ በሐኪም በተወሰነው ስፍራ ላይ፣ ለተወሰነ ቀን፣ በስሱ ይቀባል። ማለስለሻው ግን በመላ ሰውነቷ ላይ፣ በየቀኑ፣ እስኪበቃ ይቀባል። በሁለቱ መካከል ግማሽ ሰዓት ያህል እንድናቆይ ታዝዘናል፤ አለበለዚያ አንዱ ሌላውን ያቀጥነዋል፣ ወይም ወዳልታዘዘበት ስፍራ ይወስደዋል።

የትኛው ማለስለሻ ይሻላል ለሚሉኝ ወዳጆቼ የምሰጠው መልስ አጭር ነው። በብሪታንያ በ550 ልጆች ላይ ሎሽን፣ ክሬም፣ ጄልና ወፍራም ቅባት ተወዳድረው ነበር፤ ውጤቱ በ2022 ሲታተም በአራቱ መካከል በችፌው መሻል ረገድ ልዩነት አልተገኘም። የሚሻለው ልጁ ሳያለቅስ የሚቀበለው፣ ወላጁም ሳያቋርጥ ሊገዛው የሚችለው ነው ማለት ነው። የእኔ ልጅ ጠዋት ጠዋት ክሬም ትቀባለች፤ ዩኒፎርሟን አያቆሽሽም፣ ፊቷንም አያብለጨልጭባትም። ማታ ግን ነጩንና ምንም ሽታ የሌለውን ቫዝሊን ነው የምንቀባት። ቫዝሊን ከድፍድፍ ነዳጅ ጋር የሚወጣ ሰም መሰል ዝቃጭ ተጣርቶ የሚገኝ ነው፤ ሮበርት ቼዝብሮ የተባለ አሜሪካዊ የኬሚስትሪ ባለሙያ በ1872 የባለቤትነት መብት አውጥቶበታል። ከመቶ ሃምሳ ዓመት በኋላም በርካሽ ከሚገኙት ነገሮች ውስጥ ውሃን በቆዳ ውስጥ አምቆ በመያዝ የሚወዳደረው የለም።

ሽታን በተመለከተ ጥብቅ ነኝ። መዓዛ ያለው ሎሽን፣ የሕፃናት ተብሎ ቢጻፍበትም እንኳ፣ ከቤታችን ወጥቷል፤ ሽቶ በተቆጣ ቆዳ ላይ ከሚያስከትላቸው ችግሮች አንዱ አለርጂ ነውና። ግሊሰሪን ግን አልወጣም። ግሊሰሪን ውሃን ወደ ራሱ ይስባል፤ ስለዚህ ባዶውን ሳይሆን በውሃ አቅጥነን፣ በላዩ ቫዝሊን እንደርብበታለን። በከተማችን ብዙ ሰው ግሊሰሪንን ከሎሚ ጋር ይቀላቅላል፤ እባካችሁ ይህን ችፌ ባለበት ልጅ ላይ አታድርጉት። እኔ አንድ ጊዜ አድርጌዋለሁ፤ የልጄ ጩኸት ዛሬም ይሰማኛል። ዩሪያ ያለበት ክሬምም ለወፈረና ለደረቀ ቆዳ ጥሩ ነው፤ ማዳበሪያ ሆኖ የምናውቀው ያው ዩሪያ ነው። በተሰነጠቀ የሕፃን ቆዳ ላይ ግን ያቃጥላል።

አቀባቡን ብቻ ለመልመድ አንድ ዓመት ፈጅቶብኛል። ውሃው ለብ ያለ ይሁን፤ ሙቅ ውሃ የቀረውን ምርጊት አጥቦ ይወስደዋል። በመታጠቢያው ቆይታዋ ከአሥር ደቂቃ አይበልጥም፤ የልብስ ሳሙና ሰውነቷን አይነካውም። ስትወጣ በፎጣ አንፈትጋትም፤ ለስለስ ባለ ጨርቅ ጫን ጫን እያደረግን ውሃውን እናነሣለታለን፤ ቆዳዋ ገና እርጥብ ሳለ፣ በሦስት ደቂቃ ውስጥ፣ ቅባቱ ይደርሳል። መጀመሪያ በእጄ አሞቀዋለሁ፤ ከዚያ በፀጉሯ አበቃቀል አቅጣጫ፣ ከላይ ወደ ታች፣ ሳልፈትግ አወርደዋለሁ። ወደ ላይና ወደ ታች መፈተግ ቅባቱን በፀጉር ቀዳዳዎች ውስጥ ይጠቀጥቀውና ብጉር መሰል ቁስል ያወጣል፤ ይህንንም ያወቅሁት በእግሯ ላይ ካየሁት በኋላ ነው። ቆዳው ጠጥቶት እስኪጠፋ አንጠብቅም፤ እንደ ጤዛ አብለጭልጮ ይቀራል፣ እሱ በቂ ነው። ከትልቁ ዕቃ የምናወጣው በንጹሕ ማንኪያ እንጂ በጣት አይደለም፤ ጣት የነካው ዕቃ ተሕዋሲ ያድርበታል፣ በቆሰለ ቆዳም ላይ ይዘራዋል። ቆዳዋ ፈሳሽ እያወጣ ቢጫ ቅርፊት ከሠራ፣ ወይም ትኩሳት ከመጣ፣ ወይም በአንድ ላይ የፈሉ ትናንሽ ክብ ቁስሎች ከታዩ፣ ያን ጊዜ ማለስለሻ አይበቃም፤ በዚያኑ ዕለት ሐኪም ዘንድ እንሄዳለን።

ስለ እሳት ልዩ ቦታ ሰጥቼ መናገር አለብኝ። ማለስለሻ በጨርቅ ላይ እየደረቀ ሲጠራቀም፣ ያ ጨርቅ እሳት ሲያገኘው እጅግ ፈጥኖ ይቀጣጠላል፤ ማጠብ ይቀንሰዋል እንጂ ሙሉ በሙሉ አያስለቅቀውም። የብሪታንያ የመድኃኒት ተቆጣጣሪ መሥሪያ ቤት በ2018 ማስጠንቀቂያውን ሲያሰፋ፣ ፓራፊን የሌለባቸውንም ማለስለሻዎች ጨምሮ ነበር። በአበሻ ቤት ደግሞ እሳት ከማድ ቤት ብቻ አይገኝም። የቡናው ከሰል ሳሎን መካከል ነው፤ ዕጣኑ ይጨሳል፤ መብራት ሲጠፋ ሻማ ይበራል፤ በቤተ ክርስቲያን ጧፍ በልጆች እጅ ነው፤ ነሐሴ ላይ የቡሄ ችቦ፣ መስከረም ላይ ደመራ አለ። ስለዚህ የልጄ የሌሊት ልብስና ጋቢ ለብቻው ነው፤ እሱን ለብሳ ወደ ቡናው ምድጃ አትጠጋም። ለቡሄ ስትወጣ ያልተቀባ፣ አዲስ የታጠበ ሌላ ልብስ ትለብሳለች። ይህን ደንብ የምታውቀው ከፊደል አስቀድማ ነው።

ታናሽ ወንድሟ ሲወለድ ባለቤቴ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ልትቀባው ፈልጋ ነበር፤ ምርጊቱ ሳይሰነጠቅ ብንደርስበት ብላ። እኔም ተስፋዋን ተጋርቻለሁ። ይሁንና በ2020 የታተመ፣ በቤተሰባቸው ችፌ ወይም የአለርጂ ሕመም ባለባቸው 1,394 ሕፃናት ላይ የተደረገ የብሪታንያ ጥናት፣ ጤነኛ ሕፃንን በመጀመሪያው ዓመት በየቀኑ ማለስለሻ መቀባት ችፌን እንደማያስቀር አሳየ፤ እንዲያውም በተቀቡት ላይ የቆዳ ኢንፌክሽን ትንሽ በዝቶ ታይቷል። ማንበቡ አሳዘነኝ፤ ልጁን ግን ተውነው። ቀለብ የሚሰፈረው ለሚያስፈልገው ነው።

የሚያንገበግበኝ ዋጋው ነው። በግማሽ ኪሎ የሚሸጥ ጥሩ ክሬም ከውጭ የሚመጣ ነው፤ የብዙ ሰው ደመወዝ ደግሞ ለምግብ እንኳ አይበቃም። በሱቆቻችን መደርደሪያ ላይ ማለስለሻ ከሽቶና ከከንፈር ቀለም ጎን ይቀመጣል፤ እንደ ጌጥ ስለሚታይ ለሕፃን ቆዳ መግዛት ቅንጦት ይመስላል። ሆኖም ርካሹ ነገር የሚሠራውን ሥራ አቅልለን ማየት የለብንም። በቀይ አፈር ላይ በባዶ እግር መሄድ የሚያመጣው የእግር ዝሆኔ ባለባቸው ኢትዮጵያውያን ላይ የተደረገና በ2017 የታተመ ጥናት፣ እግር በሚነከርበት ውሃ ላይ ከመቶ ሁለት እጅ ግሊሰሪን ሲጨመር የቆዳው መከላከያ ግሊሰሪን ከሌለበት እንክብካቤ የበለጠ እንደሚጠነክር አሳይቷል። በጥቂት ግሊሰሪን ይህን ያህል መሥራት ከተቻለ፣ ጤና ጣቢያዎቻችን ግሊሰሪንና ንጹሕ ቫዝሊን በትልቅ ዕቃ፣ በአነስተኛ ዋጋ ለእናቶች ቢሰጡ ስንት ልጅ ሌሊቱን በሰላም ይተኛ ነበር!

አሁን ልጄ እጇ የሚደርስበትን ሁሉ ራሷ ትቀባለች፤ ለእኔ የቀረልኝ ጀርባዋና የጉልበቷ መታጠፊያ ነው። በትምህርት ቤት «ቅባታም» ብለው የሰደቧት ጊዜ ሦስት ቀን ሳትቀባ ሄደች፤ በአራተኛው ቀን ክንዷ ደማ፤ ከዚያ ወዲህ ግን ማንም ሳያስታውሳት ዕቃውን ታወጣለች። ባለፈው ጥር እናቴ እንደገና ስትመጣ ተረከዟ በብርዱ ተሰንጥቆ ነበር። ልጄ ለብ ያለ ውሃ ቀዳችላት፤ «እማማ፣ አታድርቂው፤ እርጥበቱ ሳይጠፋ ነው» ብላ ከዕቃው በማንኪያ አወጣች፤ በሁለቱም ተረከዞች ላይ ቀባችና ካልሲ አለበሰቻት። ይህንንም እናቴ እስክትመለስ ድረስ በየማታው አደረገችው። በመጨረሻው ቀን ልጄ ግማሹን ቫዝሊን በሌላ ብልቃጥ ሞልታ ለአያቷ ስንቅ አደረገችላት፤ እኔም በዚያው ሳምንት ሌላ ዕቃ ገዛሁ።